ብቻዋን የምትኖረውን ሴት ማን ያበላት ነበር?

[ምስል፦ ትንሽ የድንጋይ ክፍል። ግድግዳው ላይ ጠባብ መስኮት። ጸጥታ።]

ዘመኑ 1404 ነው። ዛሬ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው። እንግሊዝ ውስጥ፣ ከኖርዊች ከተማ ብዙም በማይርቅ ቦታ፣ ቶማስ ኢመንድ የሚባል ቄስ ኑዛዜ አጻፈ። በኖርዊች በቅዱስ ጁሊያን ቤተ ክርስቲያን በዓቷን ዘግታ ለምትኖረው ለጁሊያን 12 ፔኒ ይሰጥ አለ። አብራት ለምትኖረው ለሣራ ደግሞ 8 ፔኒ።

ጁሊያንን በጻፈችው የራእይ መጽሐፍ ዓለም ያውቃታል። ሣራስ ማን ናት?

የጁሊያን አገልጋይ ናት። እንጨት የምትለቅም፣ ገበያ የምትወርድ፣ ምግብ በመስኮት የምታቀብል፣ የሌሊቱን ዕቃ ጠዋት ይዛ የምትወጣ። ከታሪክ የተረፈላት ይቺው 8 ፔኒ ናት። እኔ ግን የዛሬውን ነገር ከእሷ ልጀምር ፈለግሁ። ምክንያቱም ስለ ብሕትውና ሲወራ ሁሌ የሚረሳው እሷን የመሰለ ሰው ነው።

[ምስል፦ የመካከለኛው ዘመን ከተማ፣ ገበያ፣ የቤተ ክርስቲያን ማማ]

ባሕታዊ ሲባል እኛ ቶሎ የሚመጣልን ዋሻ ነው፣ ጫካ ነው፣ ሰው የማይደርስበት ገደል ነው። እንግሊዝ ውስጥም እንዲህ ያሉ ነበሩ። ወደ እነሱ እመለሳለሁ። በዓት የሚዘጉት ግን ብዙዎቹ ከከተማ አልወጡም። ክፍላቸው ከቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ጋር ተያይዞ ይሠራል። በሩ ይዘጋል። ከዚያ በኋላ መውጫው ሞት ነው። ከ1100 ጀምሮ ገዳማት እስከተዘጉበት እስከ 1530ዎቹ ድረስ ከ700 በላይ እንዲህ ያሉ ሰዎች በመዝገብ ይታወቃሉ። ሴቶቹ ከወንዶቹ ይበዛሉ።

አገባቡ ያስደነግጣል። ጳጳሱ መፍቀድ አለበት። ቅዳሴ ይቀደሳል። ከዚያ የሙታን ጸሎት ይደገማል። ለቆመች ሴት! በአንዳንድ ቦታ ክፍሉ ውስጥ መቃብር ተቆፍሮ ይጠብቃታል፣ አፈርም ይነሰነስባታል። ለዓለም ሞተች ማለት ነው።

ግን አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። ጳጳሱ ከመፍቀዱ በፊት የሚጠይቀው ጥያቄ አለ። ይህቺን ሴት ዕድሜ ልኳን ማን ያበላታል? ዋስትና ከሌላት አትገባም። ነገሩ ገና ከመነሻው የሁለት ወገን ነው። አንዷ ትዘጋለች፣ ሌሎች ይሸከማሉ።

[ምስል፦ የክፍሉ ንድፍ፣ ሦስት መስኮቶች አንድ በአንድ ይበራሉ]

ክፍሉ ብዙውን ጊዜ ሦስት መስኮት ነበረው። አንዱ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ይከፈታል። በእሱ በኩል ቅዳሴ ታያለች፣ ትቆርባለች። ሁለተኛው ወደ አገልጋይዋ ነው። ሦስተኛው ወደ ውጭ፣ ወደ ሰው። ይህ መጋረጃ አለው። በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አካባቢ በዓት ለዘጉ ሴቶች የተጻፈ «አንክረን ዊሴ» የሚባል መመሪያ፣ መጋረጃው ጥቁር ሆኖ ነጭ መስቀል ይኑረው ይላል።

ይህን መመሪያ እወደዋለሁ፤ ሰው ሰው ይሸታል። ከድመት በቀር እንስሳ አታርቢ ይላል። ላም ካለሽ ሐሳብሽ ከላሟ ጋር ይውላል። የሰው ንብረት በአደራ አትቀበዪ ይላል። መስኮት ላይ ተቀምጠሽ ወሬ አትልቀሚ ይላል። የሚከለከለው የሚደረገው ነዋ! ሰዎች ዕቃቸውን ያስቀምጡባት ነበር። ጎረቤት ሁሉ ጉዱን ይነግራት ነበር።

ወሬ ብቻ አይደለም፣ ምክርም ፈልገው ይመጡ ነበር። በ1413 ገደማ ማርጀሪ ኬምፕ የምትባል የሊን ከተማ ሴት ወደ ጁሊያን መጣች። ማርጀሪ ራእይ አያለሁ የምትል፣ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ጮክ ብላ የምታለቅስ፣ ብዙ ሰው የሚጠራጠራት ሴት ነበረች። ጁሊያን ራሷ በ1373፣ በ30 ዓመቷ፣ ለሞት ደርሳ ታማ 16 ራእዮች አይታለች። እነሱን የጻፈችበት መጽሐፍ፣ በእንግሊዝኛ በሴት መጻፋቸው ከሚታወቅና እስከ ዛሬ ከተረፉ መጻሕፍት ሁሉ የመጀመሪያው ነው። ማርጀሪ የመጣችው ያየሁት እውነት ነው ወይስ ማታለል ብላ ልትጠይቅ ነው። ሁለቱ ብዙ ቀን ተነጋገሩ። በዚያ ጠባብ መስኮት ላይ መደመጥ ራሱ ምጽዋት ነበር።

ሁሉም ግን አልቻሉትም። ሰሪ በሚባል አውራጃ፣ ሺር በምትባል መንደር ክርስቲን ካርፔንተር የምትባል ወጣት በ1329 በዓት ዘጋች። ከዚያ ወጣች። በ1332 ደግሞ ልመለስ ብላ ለመነች፣ ተፈቀደላት። በቤተ ክርስቲያኑ ግድግዳ ላይ መስኮቶቿ ዛሬም ይታያሉ።

[ምስል፦ ረጅም አዳራሽ፣ አልጋዎች በተርታ፣ ጫፍ ላይ መንበር]

እዚያው ኖርዊች ውስጥ ሌላ ቤት አለ። በ1249 ጳጳስ ዋልተር ሳፊልድ የመሠረተው የቅዱስ ጃይልስ ሆስፒታል። ሆስፒታል ስንል የዛሬውን አታስቡ። የሚሰጠው አልጋ፣ ምግብ፣ ሙቀትና ጸሎት ነው። ያረጁ ድሃ ቄሶች፣ ችግረኛ ተማሪዎች፣ ጎዳና ላይ የወደቁ ሕሙማን ይገቡበታል። ታማሚዎቹን የሚያጥቡት፣ አንሶላ የሚቀይሩት፣ የሚያጎርሱት ዕድሜያቸው ከ50 ያለፈ ሴቶች ነበሩ። እነዚህም በሌላ ስም ሣራ ናቸው።

ሰጪዎቹ ለምን ያንን ሁሉ ገንዘብ ያወጡ ነበር? ቀላል ነው፤ ለነፍሳቸው ይፈሩ ነበር። በማቴዎስ ወንጌል 25 ላይ ተርቤ አብልታችሁኛል የሚለውን ቃል እንዳለ ይወስዱት ነበር። ነፍስ ከሞት በኋላ በመንጽሔ እሳት ትነጻለች ብለውም ያምኑ ነበር፤ የሕያዋን ጸሎት ደግሞ ያሳጥርላታል። የድሃ ጸሎት ቶሎ ይሰማል። ስለዚህ ሀብታሙ ይመግባል፣ ድሃው ይጸልያል። ጁሊያንም ስትመገብ የምትከፍለው በዚሁ ነው፤ በጸሎት። ይህን ንግድ ነው ብለው የሚያጣጥሉ አሉ። እኔ አልስማማም። የተራበው ጠግቦ አድሯል።

የሥጋ ደዌ ሕሙማንንም ከሰው አርቀው ጣሏቸው ይባላል። ሙሉው ታሪክ እንዲያ አይደለም። በ1080ዎቹ ሊቀ ጳጳስ ላንፍራንክ በሃርብልዳውን የሠራላቸው ቤት ያለው ወደ ካንተርበሪ በሚወስደው ዋና መንገድ ዳር ነው። መንገደኛ አይቷቸው እንዲመጸውት ነው። በ1174 ንጉሥ ሄንሪ ሁለተኛ የእሱ ባላባቶች በገደሉት በካንተርበሪው ሊቀ ጳጳስ በቶማስ ቤኬት ሞት ንስሐ ሊገባ ወደ ካንተርበሪ ሲወርድ እዚያ ቆሞ ስጦታ ሰጥቷል።

[ምስል፦ ጭጋግ፣ የባሕር ዳርቻ፣ ያልተጠናቀቀ ማማ]

የዋሻዎቹን ባሕታውያን እመለስባቸዋለሁ ብዬ ነበር። የኔርስቦሮው ሮበርት በኒድ ወንዝ ዳር ዋሻ ውስጥ እየኖረ ለድሆች ይለምን ነበር። በ1218 ሞተ። ሌሎች ድልድይ ይጠግኑ፣ መንገድ ያበጁ ነበር። ሪቻርድ ሪድባሮው የሚባለው ደግሞ በሃምበር ወንዝ አፍ፣ መርከቦች በሚሰበሩበት የአሸዋ ምላስ ላይ ይኖር ነበር። በጨለማ የሚጠፉትን ሰዎች አየ። የመብራት ማማ መሥራት ጀመረ፣ ገንዘብ አለቀበት። በ1427 ለፓርላማ አመለከተ። ከሚያልፉ መርከቦች ቀረጥ ተሰብስቦ ማማው እንዲጨረስ ተፈቀደ። ሰው ሽሽት የሄደ ሰው ለሰው መብራት አቆመ።

በ1530ዎቹ ሄንሪ ስምንተኛ ገዳማቱን ሲዘጋ በዓቶቹም አብረው ጠፉ። ብዙ ሆስፒታሎች ፈረሱ። የኖርዊቹ ግን በ1547 ለከተማዋ ተሰጠ። ዛሬም አረጋውያን ይኖሩበታል። የጁሊያን ቤተ ክርስቲያን በ1942 በቦምብ ወድሞ እንደገና ተሠርቷል።

[ምስል፦ የብራና ጽሑፍ፣ ካሜራው ቀስ ብሎ ይጠጋል]

አንድ ኑዛዜ ቀርቶኛል። 1415፣ ጆን ፕላምተን የሚባል የኖርዊች ሰው። የቀን ሠራተኛ ብዙውን ጊዜ በቀን ከ3 እስከ 4 ፔኒ በሚያገኝበት ዘመን ነው። ለጁሊያን 40 ፔኒ ተናዘዘ። አሁን ለምታገለግላት ሴት 12 ፔኒ። ቀጥሎ ደግሞ፣ ቀድሞ አገልጋይዋ ለነበረችው ለአሊስ፣ 12 ፔኒ።