የቆሎ ተማሪውና ተባባሪ ዘጋቢው

ጤና ይስጥልኝ፣ ውድ ተመልካቾቻችን። የምናገረው ከደብረ ማርቆስ ነው። ርእሳችን፣ ወርኃዊ ደመወዝ ሳይኖረው በሠራው ልክ እየተከፈለው ለቴሌቪዥን የማኅበራዊ ጉዳይ ዶክመንተሪ የሚያቀርበው ተባባሪ ዘጋቢ ሙያ ነው።

ይህን ሰው ከማን ጋር ላመሳስለው ብዬ ሳስብ የመጣልኝ የቆሎ ተማሪ ነው። አዎን፣ የቆሎ ተማሪ! ደበሎውን ለብሶ፣ አኮፋዳውን አንግቶ፣ ተናካሽ ውሻ ያለበትን ቤት ለይቶ ከደጅ ይቆምና «በእንተ ስማ ለማርያም» ይላል። ቁራሽ ከሰጡት ይቀበላል፤ «እግዜር ይስጥህ» ካሉት ወደሚቀጥለው ደጅ ያልፋል። ተባባሪ ዘጋቢውም ሐሳቡን ይዞ ከጣቢያ ጣቢያ ይዞራል፤ በጣቢያ ቋንቋ «እግዜር ይስጥህ» የሚባለው «በጀት የለም» ተብሎ ነው።

በጎጃሙ የቅኔ ጉባኤ ቤት በዋሸራ ቅኔ የሚማር ልጅም መወድስ በሚባለው ረጅም ቅኔ አይጀምርም። 2 ቤት (ስንኝ) ያላትን አጭር ቅኔ፣ ጉባኤ ቃናን፣ ይቆጥራል (ይገጥማል ማለት ነው)፣ ለመምህሩ ይነግራል፣ ይታረማል፣ በማግሥቱም ሌላ ይቆጥራል። 8 ቤት ያለው መወድስ የሚመጣው ከብዙ እርማት በኋላ ነው። እኔ የ3 ደቂቃ ዘገባ በወጉ ሳልሠራ የአንድ ሰዓት ፊልም ጀምሬ፣ ቀረጻው እስከ ዛሬ ሳጥን ውስጥ ተቀምጧል።

ጥናት፣ ቀረጻ፣ ቅንብር፣ ትረካ፤ እነዚህን ስለምታውቋቸው አልፋቸዋለሁ። (ቻናሉን ሰብስክራይብ ያላደረጋችሁ አታውቋቸው ይሆናል፤ ጥፋቱ የእኔ አይደለም።)

ብዙዎቻችሁ «ዐፄ ኃይለ ሥላሴን ያወረዳቸው አንድ ዶክመንተሪ ነው» ትሉኛላችሁ። እንግዲህ እዚህ ላይ እንቁም። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ያሳየበት ፊልም በብሪታንያ የተላለፈው በጥቅምት 1966 ሲሆን፣ በአገራችን ቴሌቪዥን የታየው ግን መስከረም 1 ቀን 1967 ነው፤ ያውም የቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል እየተሰነቀረበት። ንጉሠ ነገሥቱ በማግሥቱ ስለወረዱ አንዱ ሌላውን ያመጣው ይመስላል። ነገር ግን የነገሌ ቦረና ወታደሮች ያመፁት፣ መምህራንና የታክሲ ነጂዎች ሥራ ያቆሙት፣ ደርግም የተቋቋመው ከዚያ ወራት ቀደም ብሎ ነው። ፊልሙ ያዘመመውን ዙፋን አልገፋውም፤ ሕዝቡ ለውድቀቱ እንዳያዝን አደረገ እንጂ። በእኔ ዕይታ ለተባባሪ ዘጋቢ የሚያስፈራው ሌላው ነገር ነው፤ ለረሃብተኛው እርዳታ እንዲደርስ የተቀረጸ ምስል፣ በሌላ ሰው መቀስ ሌላ ጉዳይ ፈጸመ። ስለዚህ ቀረጻውን ማን እንደገና ሊያቀናብረው እንደሚችል በውሉ ላይ ሳታስጽፉ አትፈርሙ።

ፈቃድም በአንድ ፊርማ አያልቅም። የቆሎ ተማሪ ነገም ወደዚያው ደጅ ስለሚመለስ ዛሬ ቤቱን አያስቀይምም። በቢቸና አካባቢ ሳትደርስ የተዳረች ልጅ ታሪክ ስሠራ ፊቷን ሸፍኜ፣ ድምፅዋን ቀይሬ፣ ነጭ ሽንኩርት የሚልጡ ጣቶቿን ብቻ አሳየሁ፤ ከመተላለፉ በፊትም ላሳያቸው ወደ እናቷ ተመለስሁ። እናትዮዋ ስልኩን አስጠግተው አዩና፣ «ልጄ፣ ፊቷንስ ሸፈንህልኝ፤ ከኋላዋ የቆመውን ቦቃ በሬ ግን አገሩ ሁሉ ያውቀዋል» አሉኝ።

በሬውን ያወጣሁት በዚያው ሌሊት ነው።