ዝናብ ያጠበው መዝገብ

ጤና ይስጥልኝ፣ አድማጮቼ። ትናንት ማታ ቤተሰቡ ከተኛ በኋላ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ቀንሼ «የቻይና የመንፈስ ታሪክ» የሚባለውን የሆንግ ኮንግ ፊልም እንደገና ተመለከትኩ። መጀመሪያ ያየሁት በልጅነቴ፣ በሰፈራችን ቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ተጣብበን ተቀምጠን ነበር። ኩንግ ፉ እናያለን ብለን ገብተን፣ ሞታም የምታፈቅር ሴት ገጠመችን። የገንዳው ትዕይንት ሲደርስ ከኋላችን የነበሩት ትልልቆቹ ጉሮሯቸውን ጠረጉ፤ እኛ ደግሞ መሬት መሬት አየን።

ፊልሙ በፈረንጆቹ 1987 የወጣ ነው። ዳይሬክተሩ ቺንግ ሲዩ ቱንግ፣ ፕሮዲውሰሩ ሱይ ሃርክ። ሌስሊ ቼንግ ዓይን አፋር ዕዳ ሰብሳቢ ሆኖ ይጫወታል። ዝናብ መዝገቡን አጥቦበት የማንም ዕዳ አይነበብም፤ የሚከፍለው ሰው ያጣል። ለማደሪያ የሚሆን ሳንቲም ስለሌለው ሰው ሁሉ በሚሸሸው ቤተ መቅደስ ያድራል። የሞተችዋን ልጅ መንፈስ ሆና የምትጫወተውን ጆይ ዎንግን የሚያገኛት እዚያ ነው።

ወደ ገንዳው ልመለስ። የልጅቷ ጌታ የሆነችው አሮጊት ድንገት ትመጣለች። ልጅቷ ወጣቱን በመታጠቢያው ውሃ ውስጥ ትደፍቀዋለች። ትንፋሽ ሲያጥረው ፊቷን ነክራ፣ ከንፈሯን ከከንፈሩ አገናኝታ ትንፋሽ ታቀብለዋለች። ትንፋሽ የሌላት ለሕያው ትንፋሽ ስትሰጥ! ያን ያህል ያሳፈረን ትዕይንት በአብዛኛው ውሃና ጭንቀት ነው።

በ1988 ሆንግ ኮንግ ከ18 ዓመት በታች ላሉ የተከለከሉ ፊልሞችን ሦስተኛ መደብ ብላ ለየች። ከዚያ ወዲያ መንፈስና ራቁት ገላ የተቀላቀሉባቸው ፊልሞች መጡ። ጥቂቶቹን አይቻለሁ። ገላው ሞልቷል፣ ፍርሃቱ ግን የለም፤ ፍርሃቱ ሲሄድ ጉጉቱንም ይዞት ሄዷል።

ትናንት ግን ልጅ ሆኜ ያላየሁትን አየሁ። ልጅቷን አሳሳች አድርጌ ነበር የማስታውሳት። ለካ ምርኮኛ ናት። አሮጊቷ የዛፍ ጋኔን ናት፤ ድምፅዋ አንዴ የወንድ፣ አንዴ የሴት ይሆናል። የልጅቷን አመድ የያዘውን ማሰሮ ስለያዘች፣ መንገደኛ ወንድ እያማለለች እንድታመጣላት ሌሊት ሌሊት ትልካታለች። የሰውየው የዕዳ መዝገብ በዝናብ ታጥቧል፤ የእሷን ዕዳ ግን ሞት እንኳን አላጠበውም። የተዋደዱት አንድ ዕዳ ሰብሳቢና አንዲት ባለዕዳ ናቸው ማለት ነው። ይህን ያሰበበት ሰው ቢኖር እጁን እስመው ነበር።

የታሪኩ ምንጭ የሆነው ፑ ሶንግሊንግ በ17ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ፣ የመንግሥት ፈተና ደጋግሞ የወደቀ ደራሲ ነው። በእሱ መጽሐፍ መንፈሷ ወጣቱን ተከትላ ቤቱ ትገባለች፣ እናቱን ታገለግላለች፣ በኋላ ታገባዋለች፣ ወንድ ልጅም ትወልድለታለች። እውነቱን ልናገር፣ ይህኛው መጨረሻ አይጥመኝም። ከአንድ ጌታ ወጥታ ሌላ ጌታ ሥር የገባች ይመስለኛል።

ፊልሙ አያጋባቸውም። ጎህ ሲቀድ ፀሐይ ካገኘቻት ትጠፋለችና ወደ ማሰሮው መመለስ አለባት። ወጣቱ ብርሃኑን ለመከለል መስኮቱን በሙሉ ኃይሉ ገፍቶ ይይዛል። ዞሮ ሊያያት ይፈልጋል፤ ከለቀቀው ግን ብርሃኑ ይገባል። ከጀርባው ሆና ትሰናበተዋለች። ሲዞር ማሰሮው ብቻ ነበር።