በሰው መሃል ባይተዋር፦ የአንድ ሾት አሠራር

[ምስል፦ መገናኛ፣ አመሻሽ፣ የታክሲ ሰልፍ]

ስለ ከተማ ባይተዋርነት በሚሠሩ የሙከራ አጫጭር ፊልሞች ውስጥ ባዶ ክፍልና ዝናብ የሚመታው መስኮት ይበዛል። ባይተዋርነት ግን ይበልጥ የሚታየው ሰው በሞላበት ቦታ ነው፤ ሕዝቡ በአንድ ፍጥነት፣ ግለሰቡ በሌላ ፍጥነት ሲኖር። ይህን በአንድ ሾት፣ ማለትም ካሜራው ሳይቋረጥ በሚቀርጸው አንድ ምስል፣ ማሳየት ይቻላል።

ተዋናዩ ከወትሮው 4 እጥፍ ዘግይቶ ይንቀሳቀሳል፤ ቀረጻው ደግሞ በኤዲቲንግ 4 እጥፍ ይፈጥናል። ያኔ እሱ እንደ ወትሮው ሲራመድ፣ ሕዝቡ በዙሪያው እየተጣደፈ ያልፋል። ለ10 ሰከንድ ምስል 40 ሰከንድ ይቀረጻል።

[ምስል፦ ካሜራው ትራይፖድ ላይ]

ካሜራው በሰከንድ 25 ፍሬም (ነጠላ ምስል)፣ ሻተሩ (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበት ጊዜ) 1/25 ሰከንድ ይሁን። የተለመደው 1/50 መንገደኞቹን በጣም አጥርቶ ስለሚይዝ፣ ሲፈጥን የሚዘሉ ይመስላሉ። የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ (በሰከንድ 50 ዙር) በመሆኑ 1/25 ከሱቅ መብራት ጋር ይስማማል፤ 1/60 ግን ምስሉን ሊያብለጨልጨው ይችላል። በጠራራ ፀሐይ አይኤስኦ (የካሜራው ብርሃን የመቀበል አቅም) 100፣ የሌንሱ ቀዳዳ ኤፍ/8 ላይ ሲሆን ኤንዲ 16 ፊልተር (ብርሃኑን ወደ 1/16 የሚቀንስ መስታወት) ያስፈልጋል፤ ያለ እሱ ምስሉ ይነጣል። በኤዲቲንግ ፍጥነቱ 400 በመቶ ሲደረግ ፍሬም ብሌንዲንግ (ፍሬሞችን አዋህዶ አንድ የሚያደርግ ምርጫ) ይከፈት፤ አለበለዚያ ሶፍትዌሩ ከ4 ፍሬም 3ቱን ይጥላል።

ከባዱ ሥራ የተዋናዩ ነው። ሰው ሲራመድ በሰከንድ 2 ጊዜ ያህል ይረግጣል፤ እዚህ በ2 ሰከንድ 1 ጊዜ ብቻ። ሜትሮኖም (እኩል ምት የሚያሰማ መሣሪያ) በጆሮ ማዳመጫ ይከተል። አንድ እግር ረጅም ጊዜ አየር ላይ ሲቆይ ሚዛን ይጠፋል፣ ትከሻም ይወዛወዛል፤ ስለዚህ ከወገብ በላይ መቅረጹ ያዋጣል። ብዙ ጊዜ ሾቱን የሚያበላሸው ዓይን ነው፤ እንደ ልማዱ ከተርገበገበ ሲፈጥን ይንቀጠቀጣል። ቀስ ብሎ ይከደን፣ ቀስ ብሎ ይገለጥ። ነጠላም ሆነ ስስ ሸሚዝ አይሆንም፤ ነፋስ ሲያውለበልበው ዘዴው ይነቃል። ወፍራም ካፖርት ይሻላል።

[ምስል፦ የድምፅ መቅረጫ፣ የጫማ ሶል]

የካሜራው ድምፅ ሲፈጥን ስለሚቀጥን አይጠቅምም። የአካባቢው ድምፅ ለብቻው 2 ደቂቃ ይቀዳ፤ የተዋናዩ ጫማ ደግሞ ጸጥ ባለ ክፍል። የሕዝቡን ድምፅ በተፈጥሮ ፍጥነቱ ዝቅ አድርጎ፣ ጫማውን ማቅረብ ነው። ሙዚቃ ባይገባ ይመረጣል፤ ተመልካቹ ራሱ ሊደርስበት የሚገባውን ስሜት ቀድሞ ይነግረዋል። የወያላው «ሜክሲኮ! ሜክሲኮ!» ጥርት ብሎ ከተሰማ ጆሮ ወደ ቃሉ ይሄዳል። ከ1,000 ኸርዝ በላይ ያለው ቀጭን ድምፅ በኢኪው (ድምፅን በቅጥነቱ ለይቶ ከፍ ዝቅ በሚያደርግ መሣሪያ) ሲቆረጥ ሰው እየተጣራ እንደሆነ ይሰማል፤ የሚለው ግን በቀላሉ አይለይም።