ካርመን ሳንቶስ፦ ፊልም ሳይኖራት ዝነኛ የሆነችው ፕሮዲውሰር

[ምስል፦ ጥቁርና ነጭ የባሕር ዳርቻ፣ ያለ ድምፅ]

በ2015 የብራዚል ፊልም ሐያስያን ማኅበር የአገሩን ምርጥ ፊልሞች ሲያወጣ አንደኛ ያደረገው «ሊሚቴ» የተባለ የ1931 ድምፅ አልባ ፊልም ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ያዙልኝ።) እዚያ ፊልም ውስጥ ብልጭ ብላ የምትጠፋ ሴት አለች፤ ካርመን ሳንቶስ ትባላለች። ትወናዋን ለሌላ ቀን እናቆየውና ዛሬ ገንዘብ እያወጣች ፊልም ያሠራችውን ካርመንን እንያት።

የተወለደችው በ1904 ፖርቱጋል ውስጥ ነው። በልጅነቷ ከቤተሰቧ ጋር ሪዮ ደ ጃኔሮ ገባች፤ ልብስ ስፌትም ሠራች። በ1919፣ ገና በ15 ዓመቷ፣ «ኡሩታው» በሚባል ፊልም መሪ ተዋናይ ሆነች። ፊልሙ ሕዝብ ፊት ሳይቀርብ ቀረ። በ1920ዎቹ አጋማሽ ሁለት ፊልም ደገመች። እነሱም ሲኒማ ቤት አልደረሱም።

[ምስል፦ የመጽሔት ገጾች]

ካርመን ግን እጇን አጣጥፋ አልተቀመጠችም። ፎቶ እየተነሳች ለመጽሔቶች ትሰጥ ነበር፤ እነሱም ያትሙላታል። አንድም ፊልሟን ያላየ ሰው በመልክ ያውቃታል! እኔ እንደሚመስለኝ ፕሮዲውሰርነቷ የጀመረው እዚህ ላይ ነው፤ ዕቃው ሳይመጣ ገበያውን አዘጋጀች።

ገንዘቡስ? የሕይወት አጋሯ አንቶኒዮ ሴአብራ የጨርቃ ጨርቅ ሀብታሞች ልጅ ነበር። ሐሜተኛ «በሰው ብር» ሊል ይችላል። ይበል፤ ብር ያለው ሁሉ ግን ከሦስት ውድቀት በኋላ አራተኛውን አይሞክርም። በ1929 ከዳይሬክተር ኡምቤርቶ ማውሮ ጋር የሠራችው «ሳንጌ ሚኔይሮ» በመጨረሻ ለእይታ በቃ።

ቀጥላ የ«ሊሚቴ»ን ዳይሬክተር ማሪዮ ፔይሾቶን ይዛ ከሪዮ ራቅ ወዳለው የማራምባያ አሸዋማ ዳርቻ ሄደች። የፊልሙ ርእስ «ምድር የሚያበቃበት» ነው። ሁለቱ ተጣሉ፤ ቀረጻውም ተቋረጠ። ካርመን ታዲያ ምን አደረገች? ርእሱን ብቻ አስቀርታ በሌላ ዳይሬክተርና በሌላ ታሪክ፣ ያውም ከልብ ወለድ በተወሰደ፣ አዲስ ፊልም ሠርታ በ1933 አወጣች።

በዚያው ዘመን የራሷን ስቱዲዮ አቋቋመች። ስሙን «ብራዚል ቮክስ ፊልም» አለችው። ቮክስና ፎክስን እስቲ ቶሎ ቶሎ በሉት። ፎክስ የተባለው የአሜሪካ ፊልም ኩባንያ አልወደደውም፤ ስሙ «ብራዚል ቪታ ፊልም» ተባለ።

[ምስል፦ የሪዮ ኮረብታዎች]

በ1935 የስቱዲዮው ትልቁ ስኬት መጣ፤ «ፋቬላ ዶስ ሜውስ አሞሬስ»። ማውሮ ዳይሬክተር፣ ካርመን ፕሮዲውሰርም፣ በታሪኩ ውስጥ የሰፈሩን አስተማሪ የምትጫወት ተዋናይም ሆና። ከፓሪስ የተመለሱ ጎረምሶች ድሆች በሚኖሩበት ኮረብታ ላይ የሙዚቃ ቤት ሲከፍቱ ነው ታሪኩ። ካሜራው እውነተኛው ኮረብታ ላይ ወጥቶ እዚያው የሚኖሩትን ሰዎችና ሳምባ የተባለውን ሙዚቃቸውን ቀረጸ፤ በዚያን ጊዜ ይህ ያልተለመደ ነበር። ዛሬ ልታዩት ብትፈልጉ የለም። ቅጂው ጠፍቷል።

ከዚያ በኋላ አሥር ዓመት ገደማ የበላው ሥራ ተጀመረ። በ1789፣ ያኔ ብራዚልን ትገዛ የነበረችውን ፖርቱጋልን ለመጣል አሲረው ስለተያዙት ሚናስ የተባለው የብራዚል ግዛት ሰዎችና ከመካከላቸው በ1792 ስለተሰቀለው ቲራዴንቴስ የሚተርክ ፊልም ነው። ፖርቱጋል የተወለደችው ሴት ይህን መምረጧ ይገርመኛል። ፕሮዲውሰሯ እሷ፣ ዳይሬክተሯ እሷ፣ ከተዋንያኑም አንዷ እሷ። በ1948 ለእይታ ቀረበ፤ የተለፋበትን ያህል ግን ተመልካች አላገኘም። በ1952፣ በ48 ዓመቷ፣ በካንሰር ሞተች።

[ምስል፦ ሸክላ የሚያበጁ እጆች]

በሕይወት ከተረፉት ፊልሞቿ አንዱ «አርጂላ» ነው፤ ትርጉሙ ሸክላ ማለት ነው። ዳይሬክተሩ አሁንም ማውሮ። ካርመን እዚያ ላይ ባሏ የሞተባትን ሀብታም ሴት ሆና ትጫወታለች፤ አንድ ሸክላ ሠሪ አግኝታ ሥራው እንዲታይለት ገንዘቧን የምታፈስ።