አቮካዶዬ ምን ሆነብኝ? የአድማጮች ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ችግኜን ከተከልኩት ዓመት ሞላው። ቶሎ እንዲያድግልኝ ብዬ ግንዱ ሥር ሁለት እፍኝ ዩሪያ ጨመርኩለት። ሳምንት ሳይሞላው የቅጠሎቹ ጫፍ ቡናማ ሆኖ ደረቀ፣ አሁን ደግሞ እየረገፈ ነው። ሌላ ማዳበሪያ ልጨምርለት?

መልስ፦ ኧረ በፍጹም! እንዳትጨምር ወንድሜ። ዛፍህ ርቦት አይደለም፣ ተቃጥሎ ነው። ማዳበሪያ ጨው ነው፤ ሲበዛ ከሥሩ ውሃ ይነጥቃል። የቅጠሉ ጫፍ የሚደርቀውም ለዚህ ነው።

የአቮካዶን ሥር በደንብ ብናውቀው ግማሹ ስህተታችን ይቀር ነበር። ግንዱ አጠገብ ሳይሆን ከቅርንጫፎቹ ጥላ በታች ያለውን አፈር በጣትህ ቀስ ብለህ ገለጥ አድርገው። ብዙም ሳትቆፍር ነጣ ያሉ፣ ክር የሚመስሉ ቀጫጭን ሥሮች ታገኛለህ። ዛፉን የሚመግቡት እነሱ ናቸው፣ አብዛኞቹም ከላይኛው 20 ሴንቲ ሜትር አፈር አያልፉም። በሌሎች ተክሎች ሥር ላይ የሚታየው ፀጉር መሳይ ነገርም እነሱ ላይ የለም ማለት ይቻላል። ስለዚህ አንተ ከላይ የምትጥለው ነገር ሁሉ፣ ጥሩም ይሁን መጥፎ፣ በቀጥታ እነሱ ላይ ያርፋል።

አሁን የሚታየውን ዩሪያ ጠርገህ አንሳ። አፈሩ ውሃ የሚያሳልፍ ከሆነ በደንብ አጠጣው፣ በሁለተኛው በሦስተኛው ቀን ድገመው። አዲስ ቅጠል አውጥቶ እስኪጠነክር ድረስ ምንም አትስጠው። ከዚያ በኋላ በአንዴ ብዙ ሳይሆን፣ በትንሽ በትንሹ ቶሎ ቶሎ ነው። በመጀመሪያው ዓመት በየሁለት ወሩ ናይትሮጅን፣ ፎስፈረስና ፖታሺየም ያለበት ድብልቅ ማዳበሪያ ወደ 100 ግራም ይበቃዋል፤ ዛፉ ሲያድግ እያየህ ትጨምራለህ። ዩሪያ ግን 46 በመቶው ናይትሮጅን ስለሆነ በዚህ ልክ አይሰጥም። እኔ ለትንሽ ችግኝ ዩሪያ ባይነካው ደስ ይለኛል፣ ኮምፖስት ይበቃዋል። አደራ፣ ምንም ስትሰጠው ግንዱን እንዳይነካ። ከግንዱ ራቅ ብለህ እስከ ጥላው ጠርዝ ዙሪያውን በትነውና ውሃ አጠጣ።

ጥያቄ፦ የእኔ ዛፍ አዲሱ ቅጠሉ ቢጫ ነው፣ ደም ሥሩ ብቻ አረንጓዴ ሆኖ ይታያል። አመድ እየጨመርኩለት ነው፤ ለውጥ ግን አላየሁም።

መልስ፦ እናቴ፣ አመዱን ዛሬውኑ ያቁሙ። አመድ የአፈሩን አሲድነት ይቀንሳል፣ አቮካዶ ደግሞ ትንሽ አሲድነት ያለው አፈር ይወዳል፤ የአፈሩ አሲድነት መለኪያ፣ ፒኤች የሚባለው፣ ከ5.5 እስከ 6.5 ቢሆንለት ይስማማዋል። ከ7 ሲያልፍ ብረትና ዚንክ አፈሩ ውስጥ እያሉ እንኳ ሥሩ ሊወስዳቸው ይቸገራል። መጀመሪያ ቢጫ የሆነው የትኛው ቅጠል እንደሆነ ማየት ነው። አሮጌው ቅጠል ሁሉ ፈዞ ቢጫ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ የናይትሮጅን እጥረት ነው። እርስዎ እንደሚሉት አዲሱ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ የብረት እጥረት ነው። ቅጠሉ አንሶ፣ ተጠጋግቶ ከወጣና ፍሬውም ከወትሮው ይበልጥ ክብ ከሆነ ደግሞ ዚንክ ይጠረጠራል። ዚንኩ ቅጠል ላይ ሊረጭ ይችላል፤ ለብረቱ ግን መርጨት ብዙም አይረዳም፣ ለእንዲህ ያለ አፈር ተብሎ የተዘጋጀ፣ በውሃ ተበጥብጦ ሥሩ ላይ የሚፈስ የብረት ማዳበሪያ አለ። ይህን ሁሉ ከማድረግዎ በፊት ግን አፈሩን ያስመርምሩ። ውሃ የቋጠረ አፈርም ቅጠሉን ልክ እንዲህ ያስመስለዋል።

ጥያቄ፦ ከፍሬ የበቀለ ዛፍ አለኝ። በአበባ ይሸፈናል፣ ከዚያ ይረግፋል። ምን ልስጠው?

መልስ፦ አበባ መርገፉ አያስደንግጥሽ እህቴ። ከ100 አበባ አንዱ እንኳ ፍሬ አይሆንም፣ ተፈጥሮው ነው። አንዱም ካልያዘልሽ ግን የአበባውን ጠባይ ማወቅ አለብሽ። አንዱ አበባ ሁለት ጊዜ ይከፈታል፤ መጀመሪያ ሴት ሆኖ፣ በማግስቱ ወንድ ሆኖ። አንዳንዱ ዝርያ ሴቱ ጠዋት ይከፈታል፣ እንደ ሃስ። ሌላው ከሰዓት በኋላ፣ እንደ ፉዌርቴ። ሁለቱ ዓይነት ጎረቤት ሲሆኑ ንቦች የወንዱን ዱቄት ወደ ሴቱ ያደርሱላቸዋል። አበባ ላይ ያለን ዛፍ መድኃኒት አትርጪበት፣ ንቦቹን ታጫቸዋለሽ። ናይትሮጅን አብዝተሽበት ከሆነም ጉልበቱን ቅጠል ላይ ይጨርሰዋል። ከፍሬ የበቀለ ደግሞ ይዘገያል፣ 10 ዓመት የሚያስጠብቅም አለ። የተዳቀለ፣ ማለትም ከሚያፈራ ዛፍ ቅርንጫፍ ተቆርጦ የተገጠመበት ችግኝ፣ በ3 ወይም በ4 ዓመቱ ያፈራል፤ ቦታ ካለሽ አንድ ጨምሪ።

ጥያቄ፦ የዶሮ ፍግ መጠቀም ይቻላል?

መልስ፦ ይቻላል፣ በደንብ ከበሰበሰ። ትኩሱ እንደ ዩሪያው ያቃጥላል።

ጥያቄ፦ መሬቴ ጥቁር ጭቃ ነው፣ በክረምት ውሃ ይተኛበታል። ሁለት ችግኝ ደርቆብኛል።

መልስ፦ በማዳበሪያ የሚድን ነገር አይደለም። የአቮካዶ ሥር አየር ካጣ ይታፈናል፣ ፋይቶፍቶራ የሚባለው ሥር አበስባሽ በሽታ የሚገባውም ያኔ ነው። የታመመ ሥር ጠቁሮ በእጅ ሲነካ ይሰባበራል። በዚያው ጉድጓድ አትትከል። 60 ሴንቲ ሜትር ያህል ከፍ ያለ፣ ሰፋ ያለ የአፈር ጉብታ ሥራና እላዩ ላይ ትከል፤ ውሃው በዙሪያው ይውረድ። ከዚያ በደረቅ ቅጠልና በገለባ 10 ሴንቲ ሜትር ያህል ጎዝጉዝለት፣ ግንዱን ሳያስነካ አንድ ስንዝር ራቅ አድርገህ። ዙሪያውን በዶማ አትኮትኩት፣ አረሙን በእጅህ ንቀል።