ስህተትን በስህተት ያረመው መሐንዲስ

የተከበራችሁ እንግዶች፣ ባልደረቦቼ መምህራን፣ የዛሬው ቀን ባለቤት የሆናችሁ ልጆቻችን፣ እንኳን ደስ አላችሁ።

ዛሬ ስለ ቫልተር ብሩኽ ላወራችሁ ነው። ስሙን ላታውቁት ትችላላችሁ። አሮጌ ቴሌቪዥን ወይም ዴክ ስትነካኩ ግን «ፓል» የሚል ምርጫ ገጥሟችኋል። ፓል የቀለም ቴሌቪዥን ሲግናል ማስተላለፊያ ሥርዓት ነው፤ የዚህ ሰው ሥራ ነው። ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጠራው።

ብሩኽ በ1908 ጀርመን ተወለደ። በ1936ቱ የበርሊን ኦሊምፒክ መድፍ የሚመስለውን የቴሌቪዥን ካሜራ ይዞ ቀርጿል። በጦርነቱ ጊዜ ደግሞ ፔነሙንደ በተባለው የጀርመን ሮኬት መሞከሪያ ጣቢያ የሮኬት ማስወንጨፊያውን ከሩቅ የሚያሳይ ቴሌቪዥን ዘረጋ። ያ ሮኬት ኋላ ለንደን ላይ የዘነበው ነው። ጎበዝ መሐንዲስ ስናሞግስ ይህን ዘለን ማለፍ የለብንም።

ወደ ቀለሙ እንምጣ። የቀለም ቴሌቪዥንን የፈጠረው እሱ አይደለም። አሜሪካኖች ኤንቲኤስሲ የተባለውን የራሳቸውን የቀለም ቴሌቪዥን ሥርዓት በ1953 አጽድቀዋል። ችግሩ፣ የቀለሙ ዓይነት ያለው በሲግናሉ ፌዝ (phase) ላይ ነው፤ ማለትም የሞገዱ ከፍታና ዝቅታ በየትኛው ቅጽበት እንደሚመጣ ላይ። ሞገዱ ተራራ ገጭቶ ሲመለስ ወይም ረጅም የማስተላለፊያ ሽቦ ሲያቋርጥ ፌዙ ይዛነፋል። ያኔ የዜና አንባቢዋ ፊት አረንጓዴ ይላል። ተመልካቹ ተነስቶ ቁልፍ ያዞራል፤ ሐምራዊ ይሆንበታል።

ብሩኽ መዛነፉን ከነአካቴው ለማጥፋት አልታገለም። ይመጣል ብሎ ተቀበለው። የቴሌቪዥን ምስል የሚሳለው መስመር በመስመር ነው፤ ብሩኽ ቀለሙን ከሚሸከሙት ሁለት ሲግናሎች አንዱን በየመስመሩ ገለበጠው። አንዱ መስመር ወደ አረንጓዴ ካዘነበለ ቀጣዩ ወደ ሐምራዊ ያዘነብላል። ሲደመሩ ስህተቱ ይጣፋል። ሁለት ሰካራሞች ተደጋግፈው ቤታቸው እንደሚገቡት በሉት። ዋጋው ቀለሙ ትንሽ መደብዘዙ ብቻ ነው።

ግን ለመደመር የፊተኛው መስመር ኋለኛው እስኪደርስ መቆየት አለበት፤ 64 ማይክሮሰከንድ ያህል። ሜሞሪ ቺፕ በሌለበት ዘመን ይህ ቀላል አይደለም። ኋላ የተለመደው መፍትሔ የብርጭቆ ቁራጭ ሆነ። ሲግናሉ ወደ አልትራሳውንድ፣ ጆሮ ወደማይሰማው ድምፅ፣ ተለውጦ ብርጭቆው ውስጥ ይገባል። ድምፅ ከኤሌክትሪክ አንጻር ኤሊ ነው። ከጠርዝ ጠርዝ እየነጠረ ሲወጣ ቀጣዩ መስመር ደርሷል። እውነቱን ለመናገር፣ መስመር የማቆየቱን ሐሳብ ፈረንሳዊው ሄንሪ ደ ፍራንስ ሴካም በተባለው የራሱ የቀለም ሥርዓት ቀድሞታል። ፌዝ ማፈራረቁንም አሜሪካ ውስጥ ሞክረውታል። የብሩኽ ጉብዝና ሁለቱን ማጋባቱ ላይ ነው።

ጃንዋሪ 3 ቀን 1963 ሀኖቨር ላይ ፓልን ለአውሮፓ ባለሙያዎች አሳየ። ከዚያ ነገሩ ፖለቲካ ሆነ። ፈረንሳይና ሶቪየት ኅብረት ሴካምን ያዙ፤ ምዕራብ ጀርመንና እንግሊዝ ፓልን። ኦገስት 25 ቀን 1967 የምዕራብ ጀርመኑ ፖለቲከኛ ቪሊ ብራንት በርሊን ላይ ቀይ ቁልፍ ተጭኖ የቀለም ሥርጭቱን ሊከፍት ቆመ። ቀለሙ ጣቱ ሳያርፍ ከች አለ! ቁልፉ ለይስሙላ የተቀመጠ ነበር፤ ቴክኒሻኑ ቸኮለ።

ለእኛም የደረሰን ፓል ነው። ከአሜሪካ የተላከ የሠርግ ካሴት እዚህ ቤት ባለው ዴክ ሲታይ ጥቁርና ነጭ የሚሆነው ለዚህ ነበር። ብዙ ሰው ላኪውን አምቷል። ካሴቱ ኤንቲኤስሲ ስለሆነ እንጂ ላኪውስ ምን አጠፋ?

ከአሮጌ ቴሌቪዥን ያወጣኋት ሲግናል ማቆያ ብርጭቆ ጠረጴዛው ላይ አለች። ሽፋኗን ከፍቼላችኋለሁ። ሲግናሉ የሚገባበትና የሚወጣበት ሁለቱ ትራንስዱሰሮች፣ ኤሌክትሪክን ወደ ድምፅ፣ ድምፅንም ወደ ኤሌክትሪክ የሚለውጡት፣ ጠርዟ ላይ ተለጥፈው ይታያሉ። ፎቶ ተነስታችሁ ስትጨርሱ ኑና እዩዋት። እንዳትጥሏት ብቻ፤ መለዋወጫ የላትም።

አመሰግናለሁ።