ዓሣ ውሃ ውስጥ እንዴት ይተነፍሳል?

[ምስል፦ ሐዋሳ፣ አሞራ ገደል፤ አንዲት ገዢ የቆሮሶ ጉንጭ ገልጣ ስታይ]

ዓሣ መግዛት የሚችልበት ሰው ዝም ብሎ አይከፍልም። መጀመሪያ የጉንጩን ክዳን ገለጥ ያደርጋል። ውስጡ ደማቅ ቀይ ከሆነ ዓሣው ትኩስ ነው። ቡናማ ወይም ግራጫ ከሆነ ይለፋችሁ።

ያ ቀይ ነገር ስንጥብ ይባላል። ዓሣው የሚተነፍሰው በሱ ነው።

ሥራው ቀላል እንዳይመስላችሁ። አንድ ሊትር አየር ውስጥ 210 ሚሊ ሊትር ያህል ኦክስጅን አለ። አንድ ሊትር ውሃ ውስጥ ግን 10 እንኳ አይሞላም፤ ውሃው ሲሞቅ ደግሞ ይብሳል። በዚያ ላይ ውሃ ከባድ ነው። እንደኛ ወደ ውስጥ ስቦ በዚያው መመለስ አያዋጣም። ስለዚህ ዓሣ ውሃውን በአንድ አቅጣጫ ብቻ ያሳልፋል፤ በአፍ ያስገባል፣ በጉንጭ ያስወጣል። አፉን ከፈት ዘጋ ሲያደርግ ያያችሁት ለዚህ ነው።

[ምስል፦ ክዳኑ ተነስቶ፣ ስንጥቡ በቅርበት]

በእያንዳንዱ ጎን አራት ቅስቶች አሉ። በየቅስቱ ላይ ቀጫጭን ክሮች በሁለት ረድፍ ተደርድረዋል። በየክሩ ላይ ደግሞ፣ በማይክሮስኮፕ ካልሆነ በደንብ የማይለዩ ስስ ቅጠሎች አሉ። ደሙንና ውሃውን የሚለያያቸው የቅጠሎቹ ግድግዳ ብቻ ነው፤ እሱም ከሚሊ ሜትር ጥቂት ሺኛ አይበልጥም።

[ምስል፦ ቀይና ሰማያዊ ቀስቶች በተቃራኒ ሲጓዙ]

አሁን የኔን ልብ የሚወስደው ነገር መጣ። ደሙ የሚፈሰው ከውሃው በተቃራኒ ነው።

አብረው ወደ አንድ ጎን ቢፈሱስ? ኦክስጅኑ ሁለቱ ጋ እኩል ሲሆን ዝውውሩ ይቆማል። ቢበዛ ግማሹ ነው የሚተላለፈው። በተቃራኒ ሲሄዱ ግን፣ ኦክስጅን ይዞ ሊወጣ የደረሰው ደም የሚያገኘው ገና አሁን የገባ ውሃ ነው። ከሱ የሚቀዳው አያጣም። ኦክስጅኑ ተሟጦ ሊወጣ የደረሰው ውሃ ደግሞ የሚያገኘው ባዶውን የመጣ ደም ነው። ለሱም የሚሰጠው አያጣም። ከጫፍ እስከ ጫፍ ዝውውሩ አይቆምም። በዚህ ዘዴ አንዳንድ ዓሣ በውሃው ካለው ኦክስጅን እስከ 80 በመቶ ይወስዳል። እኛ ቁጭ ብለን ስንተነፍስ ወደ ሳንባችን ካስገባነው ኦክስጅን ሩብ ያህሉን ነው የምናስቀረው።

በነገራችን ላይ ስንጥብ ሌላም ሥራ አለው፦ አሞኒያ ያስወጣል፣ የሰውነቱንም ጨው ያመጣጥናል። እሱ ራሱን የቻለ ቪዲዮ ይፈልጋል።

ታዲያ ኦክስጅን በሞላበት አየር ውስጥ ዓሣው ለምን ይሞታል? ቅጠሎቹን ዘርግቶ የያዛቸው ውሃው ስለሆነ ነው። ሲወጣ እንደ ረጠበ ፀጉር እርስ በርስ ይጣበቃሉ፤ ኦክስጅን የሚገባበት ስፋት ይጠፋል።

[ምስል፦ አምባዛ ከውሃው ብቅ ብሎ አየር ሲጎርስ]

አምባዛ ግን ለዚህ መላ አለው። ከስንጥቡ በላይ ቅርንጫፍ የመሰለ፣ በደም ሥር የተሞላና የማይተጣጠፍ ተጨማሪ አካል አለው። በሱ ከአየር በቀጥታ ይተነፍሳል። ሰውነቱ እስካልደረቀ ድረስ ከውሃ ውጭ ሰዓታት ይቆያል፤ ኩሬው ወደ ጭቃነት ሲለወጥ ቆሮሶ ሲያልቅ እሱ የሚተርፈው በዚህ ነው።